ጣና ዳር ጊዜን የሚመልስ መዘውር፦ የልቦለዴ ማሽን ሕጉ ምን ይሁን?

ደንገል
ሰኞ፣ ከምሽቱ 2፡40

ሰላም ለዚህ ቤት። እርዳታ ፍለጋ ነው የመጣሁት።

አንድ ልቦለድ ጀምሬ መሐሉ ላይ ቆሜያለሁ። ታሪኩ ባህር ዳር ነው፣ ጣና ዳር። አንዲት ልጅ አለች። አባቷ ዓሣ አስጋሪ ነው። በ1990 ዓ.ም. ነሐሴ መጨረሻ ታንኳውን ይዞ ወጣ፤ በዚያው ቀረ። ያኔ የሦስት ዓመት ልጅ ነበረች። ፊቱን አታስታውሰውም። ቤት ውስጥ ፎቶ የለም። እናቷ ስለዚያ ጠዋት ብዙ አታወራም።

ልጅቷ ሠላሳ ዓመት ካለፋት በኋላ አያቷ ያርፋሉ። አያትየው ሰዓት ጠጋኝ ነበሩ። ጠረጴዛቸውን ስታጸዳ ሥሩ በአሮጌ ጋቢ የተጠቀለለ የዋንዛ ሣጥን ታገኛለች። ውስጡ ሁለት ጥርሳም መንኮራኩሮች፣ አንድ እጀታና አንዲት ትንሽ የሸክላ ሳህን አሉ። አያትየው "መዘውሩ" ነበር የሚሉት። ሳህኗ ላይ የጣና ውሃ ጠብ ታደርጋለች፣ እጀታውን ወደ ግራ ታዞራለች፣ ጊዜ ወደ ኋላ ይሄዳል። እስካሁን የጻፍኩት ይህን ነው።

ለሁለት ጓደኞቼ አስነበብኳቸው። ሁለቱም "የውጭ ፊልም ይመስላል" አሉኝ። ከፋኝ፣ ግን እውነታቸውን ነው። ሣጥኑን ከጣና አንስቼ ሌላ አገር ብወስደው ምንም አይጎድልበትም። ሌላም ችግር አለ። መዘውሩ የማይችለው ነገር የለም። ልጅቷ ሄዳ "አባዬ፣ ዛሬ አትውጣ" ብትለው ታሪኩ በአንድ ገጽ አለቀ።

ጥያቄዬ ይኼ ነው። መዘውሩ ሕግ ያስፈልገዋል። ምን ይችላል፣ ምን አይችልም፣ ምን ያስከፍላል? ከራሳችን ነገር የወጣ ሕግ ነው የምፈልገው። ልባችሁ ውስጥ ያለውን ጻፉልኝ።


ሰዓት ጠጋኙ
ሰኞ፣ ከምሽቱ 4፡05

ልጄ፣ እኔ ልቦለድ አልጽፍም። ሰዓት ግን ከሠላሳ ዓመት በላይ ጠግኛለሁ። የአያትየውን ጠረጴዛ ስላነሳሽ ዝም ማለት አቃተኝ።

ብዙ ሰው ሰዓት ጊዜን የሚሠራ ይመስለዋል። አይሠራም። ውስጡ የተጠመዘዘ ሞላ አለ። ሞላው ባንዴ መፈታት ነው የሚፈልገው። የቀረው ዕቃ ሁሉ ሥራው እሱን መያዝ ነው። ጥርስ በጥርስ፣ ጥቂት በጥቂት ይለቀዋል። ጆሮሽን ስታስጠጊ የምትሰሚው "ቀጭ፣ ቀጭ" የሚለው ድምፅ ሞላው ሲያዝና ሲለቀቅ ነው።

ታዲያ ያንቺ መዘውር ሞላው ምንድን ነው? ማን ጠመዘዘው? ውሃ ብቻ ጠብ አድርጋ የምታስነሳው ከሆነ በነጻ ዞረ ማለት ነው። በነጻ የሚዞር ነገር እኔ ጠረጴዛ ላይ መጥቶ አያውቅም። አንድ ቦታ የተጠመዘዘ ነገር አለ። የሚፈታውም ከዚያ ነው። መጀመሪያ እሱን ፈልጊ፤ ሕጉ ከዚያ ይወጣልሻል።

አንድ ነገር ልንገርሽ፣ ለታሪክሽ ከጠቀመሽ። አንዲት ሴት የባሏን የእጅ ሰዓት አመጣችልኝ። መስታወቱ ተሰንጥቋል፣ ሰዓቱም ቆሟል። ከፍቼ አየሁት። ሞላው ደህና ነው፤ ቆሻሻ ነው የያዘው። በቤንዚን አጥቤ ማስነሳት እችል ነበር። "አይ፣ እንዲሄድ አልፈልግም። መስታወቱን ብቻ ቀይርልኝ" አለችኝ። 7፡20 ላይ ነበር የቆመው። ለምን ብዬ አልጠየቅኋትም። መስታወቱን ስቀይር የደቂቃ ቆጣሪውን እንዳልነካ ትንፋሼን ይዤ ነበር። በሥራዬ እንደዚያ ቀን ተጠንቅቄ አላውቅም።


የፖሊው
ማክሰኞ፣ ከጠዋቱ 1፡15

ደንገል፣ ሐሳቡን ወድጄዋለሁ። በፊዚክስ በኩል የማውቀውን ላካፍልሽ።

ባህር ዳር ከባሕር ጠለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት። አንስታይን ባሳየው መሠረት ከፍታ ላይ ያለ ሰዓት ዝቅ ብሎ ካለው ሰዓት ይቀድማል። ማታ ቁጭ ብዬ አሰላሁት። ባህር ዳር ያለ ሰዓት ጅቡቲ ወደብ ካለው ሰዓት በዓመት 6 ሚሊዮንኛ ሰከንድ ገደማ ይቀድማል። ይህ ተረት አይደለም። የጂፒኤስ ሳተላይቶች ሰዓት በቀን 38 ሚሊዮንኛ ሰከንድ ይቀድማል። ያ በየጊዜው ባይታረም ስልካችን ላይ ያለው ካርታ በአንድ ቀን ውስጥ በኪሎ ሜትሮች ይስት ነበር። የባጃጅ ሹፌሩ መንገድ በካርታ ሲፈልግ ሳያውቀው በዚህ ሒሳብ ነው የሚነዳው።

ስለዚህ ጊዜ በሁሉም ቦታ እኩል አይሄድም፤ ወደ ፊት መቅደም ይቻላል። ወደ ኋላ ግን ማንም ሄዶ አላሳየም። ያንቺ መዘውር ምትሃት ነውና ፊዚክሱ አያስርሽ። እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነገር ነው። ልጅቷ ወደ ኋላ መሄዷን በምን ታውቃለች? ሰው እኮ ቀን መቁጠሪያ ግንባሩ ላይ አልተለጠፈም። በዓይኗ የምታየው ነገር ስጪያት። ለምሳሌ ከ2004 ዓ.ም. ወዲህ ጣናን የወረረው እምቦጭ የለም። በግንቦት 2016 የተመረቀው አዲሱ የዓባይ ድልድይ የለም፤ አሮጌው ብቻውን ነው። የሐይቁን ውሃ የሚቆጣጠረው የጨራ ጨራ ግድብ ግን አለ፤ በ1988 ዓ.ም. አካባቢ ነው የተሠራው። ከዚያ በፊት የሚሄድ ታሪክ ቢሆን የሐይቁን ከፍታ ሁሉ ማሰብ ነበረብሽ።


ዘዘጌ
ማክሰኞ፣ ከቀኑ 6፡30

እህቴ ደንገል፣ እንደምን ሰነበትሽ።

"ከራሳችን ነገር" ስላልሽ ደስ ብሎኛል። ቆሎ ተማሪ ሳለሁ ባሕረ ሐሳብ፣ የዘመን አቆጣጠሩን ትምህርት፣ ተምሬአለሁ። ሁለት መንኮራኩር አልሽ እንጂ የጥርሳቸውን ቁጥር አልነገርሽንም። ቁጥሩን ከአበው ውሰጂ።

አበው ዕለትን በ60 ከፍለዋታል። አንዷ ክፍል ኬክሮስ ትባላለች፤ በዛሬ ሰዓት 24 ደቂቃ ናት። ኬክሮስም በ60 ትከፈላለች፤ ካልዒት ትባላለች፤ 24 ሰከንድ ናት። ካልዒትም በ60 ትከፈላለች፤ ሣልሲት ናት። እንዲህ እያለ እስከ ሳድሲት ይወርዳል። የእጅ ሰዓት ሳይኖራቸው ከዓይን ጥቅሻ ያነሰ ጊዜ ይቆጥሩ ነበር። ይህን ሳስብ ሁልጊዜ ይደንቀኛል።

ሁለት ዑደቶች አሉ። ጨረቃ ከፀሐይ ጋር በ19 ዓመት ትገጥማለች። ይህ ንዑስ ቀመር ነው። የሳምንቱ ዕለትና የወሩ ቀን ከነዘመነ ወንጌላዊው የሚገጥመው ደግሞ በ28 ዓመት ነው። ይህ ዐውደ ፀሐይ ነው። 19ን በ28 ብታበዢ 532 ይመጣል። ይህም ዓቢይ ቀመር ነው። ሁሉም ነገር ወደ ነበረበት የሚመለሰው ያኔ ነው። አንዱ መንኮራኩር 19 ጥርስ፣ ሌላው 28 ጥርስ ይኑረው።

ደግሞ ዓመተ ምሕረቱን ቀይሪ። 1990 ዘመነ ማርቆስ ነው፤ ጳጉሜን 5 ናት። 1991 ግን ዘመነ ሉቃስ ነው፤ ጳጉሜን 6 ሆናለች። አባትየው በዚያች በስድስተኛዋ ቀን ይውጣ። በአራት ዓመት አንዴ ብቻ የምትመጣ፣ ሙት ዓመት እንኳ በየዓመቱ የማይቆጠርባት ዕለት ናት። አሁን ከ1991 ጀምረሽ 28 ቁጠሪ። 2019 ይመጣል። ያም ዘመነ ሉቃስ ነው። የ1991 ጳጉሜን 6 ቅዳሜ ነበረች። የ2019 ጳጉሜን 6ም ቅዳሜ ናት። እኔ አላመቻቸሁትም፤ ቁጥሩ ራሱ ነው የገጠመው።

አንድ አደራ አለኝ። መዘውሩን የመናፍስት ጥሪና የጠልሰም ሥራ አታድርጊው። ከጊዜ የወጣ ሰው በመጽሐፍም አለ። ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ በለስ ይዞ ዛፍ ሥር ጋደም አለ፤ 66 ዓመት ተኛ። ሲነቃ የበለሱ ወተት ገና ያንጠባጥብ ነበር። ኢየሩሳሌም ግን ሌላ ሆና ጠበቀችው፤ የሚያውቀው ሰው አጣ። እሱ ግን ይህን ያገኘው በቸርነት ነው፣ በድግምት አይደለም።


ኢብኑ ጣና
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 1፡50

ሰላም ለሁላችሁ። ዘዘጌ አቤሜሌክን ሲያነሳ እኛ ቤት በየጁምዓው የሚቀራው የቁርኣን ምዕራፍ፣ ሱረቱል ከህፍ፣ ትዝ አለኝ። ወጣቶቹ ዋሻ ውስጥ 300 ዓመት ተኙ፣ ዘጠኝም ጨመሩ። ብዙ ሙፈሲሮች፣ የቁርኣን ተርጓሚዎች፣ 300ው በፀሐይ፣ 309ኙ በጨረቃ አቆጣጠር ነው ይላሉ። ስለ መንኮራኩሮቹ ሳነብ ልቤ ወደዚያ ሄደ። ያው አንዱ ዘመን ነው፤ በሁለት ጥርስ ሲቆጠር ሁለት ቁጥር ይሰጣል።

ሲነቁ አንዱን የብር ገንዘብ አስይዘው ምግብ እንዲገዛ ወደ ከተማ ይልኩታል። እነሱ አንድ ቀን ወይም ከዚያ ያነሰ የተኙ ነው የመሰላቸው። በትረካው ሰዉ የነቃባቸው በዚያ ገንዘብ ነው።

የፖሊው "በምን ታውቃለች" ላለው እኔ ገንዘብ እላለሁ። ልጅቷ ኪሷ ውስጥ ባለ 200 ብር ይዛ ሱቅ ብትገባ? ኖቱ የወጣው በ2013 መስከረም ነው። ባለሱቁ አገላብጦ አይቶ ይመልስላታል። ወይም በተገላቢጦሽ፣ ድሮ የነበረው ባለ አንድ ብር ኖት። ከኋላው ጢስ ዓባይ ነበረበት። ልጅ ሆኜ ፏፏቴውን መጀመሪያ ያየሁት እዚያ ኖት ላይ ነው፤ ከተማችን ጥግ ያለ ነገር መሆኑን ያወቅሁት በኋላ ነው።


የአስጋሪ ልጅ
ማክሰኞ፣ ከሌሊቱ 5፡30

አባቴ አስጋሪ ነበር። የሞተው አልጋው ላይ ነው፤ ሐይቁ አልወሰደውም። ቢሆንም ውይይቱን አንብቤ እንቅልፍ እምቢ አለኝ።

ወንድሜ የፖሊው፣ መጀመሪያ አንድ እርማት። እምቦጩ የበረታው በሰሜን ምሥራቅ ዳርቻ ነው፤ በደንቢያና በፎገራ በኩል። ባህር ዳር ላይ ያን ያህል አይደለም። ልጅቷ እዚህ ቆማ "እምቦጭ የለም፤ ስለዚህ ድሮ ነው" ብትል የጣና ሰው አያምናትም።

አሁን ስለ ታንኳ። ደንገል የሚል ስም ይዘሽ ሳታውቂው አትቀሪም፤ ግን ለሚያነቡት ልጻፈው። ደንገሉ፣ ያ የሐይቅ ዳር ቄጠማ፣ ይታጨዳል፣ ይደርቃል፣ በነዶ በነዶ እየታሰረ ይገጠማል። ውሃ ይጠጣል። ስለዚህ ከሥራ ሲመለስ ከውሃው ወጥቶ መድረቅ አለበት። እንደ እንጨት ጀልባ ዕድሜ የለውም። በወራት ያልቃል፣ ሌላ ይሠራል። አባቴ በዕድሜው ስንት ታንኳ እንደሠራ እግዜር ነው የሚያውቀው። እኔ አንድም አልሠራሁም።

ሲያስር ግን አይቻለሁ። የመጨረሻዋን ቋጠሮ በጥርሱ ነበር የሚያጠብቃት። ጫፏን በጥርሱ ይነክሳል፣ አንገቱን ወደ ኋላ ሳብ ያደርጋል፣ በአፍንጫው ይተነፍሳል። ይህን አስታውሳለሁ። ከዚያ በፊት እጁ ምን እንዳደረገ ግን ጠፍቶብኛል። ስንት ጊዜ ሞክሬአለሁ። ይፈታብኛል።

መዘውሩን ለእኔ ብትሰጪኝ አባቴን ከሞት አላስመልሰውም። አንዲት ጠዋት ነው የምፈልገው። ዓሣውን፣ ቆሮሶና አምባዛ፣ ሲቆጥር አይደለም፣ ሲስቅም አይደለም። አጠገቡ ቁጢጥ ብዬ እጁን አያለሁ። በቃኝ።

እና ልጅቷ አባቷን አታድነው። አደራ። ጣና ላይ ሰው የቀረበት ቤት ብዙ ነው። የአንዱን ቤት በልቦለድ ስትመልሺ የሌላው ቤት ሰውም ቁጭ ብሎ ያነበዋል።


ደንገል
ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 12፡50

የአስጋሪ ልጅ፣ ሌሊት ነው ያነበብኩት። ሁለት ጊዜ። አታድነውም። ቃሌ ነው።

ዘዘጌ፣ 1991ን ወሰድኩ። ቅዳሜ ከቅዳሜ መግጠሙን ሳይ ከወንበሬ ተነሳሁ። 19ና 28ም ገብተዋል። ኢብኑ ጣና፣ ባለ አንድ ብሩም ይገባል፤ የት እንደማገባው ገና አላውቅም።

ግን የጋሼ ሰዓት ጠጋኙ ጥያቄ አልተመለሰልኝም። ሞላው ምንድን ነው? ደግሞ ካላዳነችው ምን ያግዳታል? "እኔ እምቢ ስላልኩ" ማለት መልስ አይሆንም። መዘውሩ ራሱ ነው ሊከለክላት የሚገባው።


ሰዓት ጠጋኙ
ረቡዕ፣ ከቀኑ 9፡20

ልጄ፣ ዛሬ ገበያ ቀዝቃዛ ስለነበር ከካርቶን ሁለቱን መንኮራኩሮች ቆርጬ ሠራኋቸው። 19 እና 28። በሚስማር እንጨት ላይ አቁሜ አጋጠምኳቸው። ከእያንዳንዱ አንድ አንድ ጥርስ በቀይ እስክሪብቶ ቀባሁ፤ ቀዩ ከቀዩ ጋር ተገጣጥሞ እንዲጀምር። ከዚያ ማዞር ጀመርኩ።

ሁለት ነገር አየሁ።

አንደኛው፣ ትምህርት ያለው ሰው ሁሉ ያውቀው ይሆናል፤ እኔ ግን በየቀኑ እያየሁት አስቤበት አላውቅም። የተነካኩ ሁለት መንኮራኩሮች አንድ አቅጣጫ አይዞሩም። ትንሹን ወደ ግራ ስታዞሪው ትልቁ ወደ ቀኝ ይሄዳል። ልጅቷ ወደ ኋላ ስትሄድ ተቃራኒውን የሚዞር ሌላ ሰው አለ ማለት ነው። እሷ ስታገኝ የሚያጣ።

ሁለተኛው፣ ቀዩና ቀዩ ቶሎ አይገናኙም። አንዱ ይመጣል፣ ሌላው አልደረሰም። ሌላው ይመጣል፣ ያኛው አልፏል። 532 ጥርስ ቆጥሬ ነው የተገናኙት። እጄ ዝሏል። ትንሹ 28 ዙር፣ ትልቁ 19 ዙር። መዘውሩን ከጀመረችው ሁለቱ ቀዮች እስኪገናኙ ማቆም አትችልም በይ። አንድም ጥርስ መጨመር አትችልም።

ያ ሌላው ሰው ማን ነው ብዬ ስጠይቅ ያቺ ሰዓት ያመጣችልኝ ሴት ታየችኝ። የልጅቷ እናት ናት። ያን ጠዋት የኖረችው እሷ ናት። በልቧ ጠምዝዛ 28 ዓመት የያዘችው እሷ ናት። ሞላው የእናትየዋ ትዝታ ነው። መዘውሩ ሲዞር የሚፈታው እሱ ነው። ልጅቷ ጠዋቱን ታገኛለች፤ እናትየዋ ደግሞ ያን ጠዋት አታስታውሰውም።


የፖሊው
ረቡዕ፣ ከቀኑ 10፡00

ጋሼ፣ ይኼ ትልቅ ነገር ነው። ልጨምርበት።

አንድ ጥርስ አንድ ካልዒት ይሁን፤ ዘዘጌ እንዳለው 24 ሰከንድ። 532 ሲባዛ በ24 ሰከንድ 12,768 ሰከንድ ነው። በሰዓት 3 ሰዓት ከ32 ደቂቃ ከ48 ሰከንድ ይሆናል። ልጅቷ ያላት ይኼ ብቻ ነው። ከሌሊቱ 11 ሰዓት ብትጀምር ከጠዋቱ 2፡32 ላይ ያልቃል። አስጋሪ ነፋስ ሳይነሳ ነው የሚወጣው፤ ስለዚህ ሰዓቱ ይበቃል። ከመነሳቱ እስከ መሄዱ።

"ምን ያግዳታል" ላልሽውም መልሱ ጋሼ በጻፉት ውስጥ ያለ ይመስለኛል። የሄደችው ወደ ጠዋቱ አይደለም፤ ወደ እናቷ ጠዋት ነው። እናቷ ያላለችውን ማለት አትችልም፣ እናቷ ያላየችውን ማየት አትችልም። "አትውጣ" እንዳትለው የሚከለክላት እናቷ ያን ቀን አለማለቷ ነው። ልጅቷ ራሷ የሦስት ዓመት ሕፃን ሆና እናቷ ጀርባ ላይ ታዝላ ትገኛለች። ያኔ እኔ ያነሳሁት ድልድይም አያስፈልግሽም።


የሽምብጥ እናት
ሐሙስ፣ ከቀኑ 8፡15

ልጆቼ፣ ይህን በልጄ ስልክ ነው የማጽፈው። እሷ ናት ሁሉንም ያነበበችልኝ።

መጀመሪያ ስለ ውሃው። የጣናን ውሃ ተዪው። ጳጉሜን 3 ሩፋኤል ነው። የዚያን ቀን ዝናብ ጠበል ነው ብለን ነው ያደግነው። ልጆቼ ትንሽ ሳሉ ልብሳቸውን አውልቀው ግቢውን ይዞሩበት ነበር። እኔ ቆርቆሮው ሥር ባልዲ እደቅናለሁ። መጀመሪያ ጠብ ጠብ ይላል፤ ከዚያ ባልዲው ይጮኻል። ልጅቷ ያን ውሃ ከሩፋኤል እስከ ስድስተኛዋ ቀን ታስቀምጥ። ሦስት ቀን ነው፤ አይበላሽም።

ሁለተኛ፣ ስለ እናትየዋ። ባለቤቴ ካረፈ 11 ዓመቱ ነው። ብዙ ዓመት አብረን ኖረን አሁን ጥርት ብሎ የሚታየኝ አንድ ጠዋት ነው። ቡና እቆላለሁ። ከኋላዬ መጥቶ የወረደ ነጠላዬን ወደ ትከሻዬ መለሰልኝና ምንም ሳይል ወጣ። የተለየ ቀን አልነበረም። ሌላው ሁሉ ተደባልቆብኛል። እሱ ግን የእጁ ሙቀት እንኳ አለኝ።

ልጄ ያን ጠዋት ስጪኝ ብትለኝ እሰጣታለሁ ወይ? ይህን ስታነብልኝ ተያየን፤ ሁለታችንም አልመለስንም። አሁን ሳስበው የምሰጣት ይመስለኛል። እኔ ጠግቤዋለሁ፤ እሷ አባቷን ትንሽ ሆና ነው ያጣችው። ግን ትጠይቀኝ። ሰርቃ ብትዞረው፣ ጠዋት ተነስቼ ምን እንደጎደለኝ ሳላውቅ ቤት ውስጥ ስፈልግ ብውል፣ ያን አልወድም። ያንቺም ልጅ እናቷን ትጠይቃት።


ዘዘጌ
ሐሙስ፣ ከምሽቱ 12፡40

እትዬ፣ አምላክ ያጽናናዎት። ነፍሳቸውን ይማር።

ስለ ሩፋኤል ውሃ አንዲት ነገር ብቻ። ጠበል የማሽን ማስነሻ አይደለም። ሳህኗን ከመዘውሩ ላይ አንሺያት። እናትና ልጅ ፊታቸውን ይታጠቡበት። እንዲያ ከሆነ እኔም ቅር አይለኝም።


ደንገል
ቅዳሜ፣ ከጠዋቱ 3፡30

ሁለት ቀን ዝም ያልኩት ስጽፍ ነው። ሳህኗ የለችም። 200 ብሩም፣ ድልድዩም የሉም። እትዬ፣ ልጅቷ ጠየቀቻት። ጥያቄውን ለመጻፍ ብቻ አንድ ሌሊት ወሰደብኝ። መጨረሻ ላይ አንድ ዓረፍተ ነገር ሆነ። ከመሐሉ ትንሽ ላስነብባችሁ።

"እናቷ ፊቷን ታጥባ በነጠላዋ ጫፍ አበሰች። ከዚያ እጇን በልጇ እጅ ላይ፣ እጀታው ላይ አደረገች። 'አንቺ ብቻሽን አታዞሪውም' አለች። ቀዩ ጥርስ ከቀዩ ጥርስ ተለየ።

መጀመሪያ የመጣው ሽታ ነው። እርጥብ አፈር፣ ጭስ፣ ዓሣ። ከዚያ ጀርባዋ ከበዳት። ሕፃን አዝላለች። ሕፃኗ ተኝታለች፤ ትንፋሿ አንገቷን ያሞቀዋል። እጆቿን አየች። የእሷ እጆች አይደሉም። የእናቷ ናቸው፣ ግን ገና ያልሻከሩ፣ በቀኙ ላይ ያለው የቃጠሎ ምልክት ገና ያልወጣባቸው።

ሰውየው ጀርባውን ሰጥቶ ቁጢጥ ብሏል። ታንኳው ዳር ላይ ተጋድሟል። አንድ ቋጠሮ ላልቶ ኖሮ እንደገና እያሰረው ነው። ፊቱን እንዲያዞር ልትጠራው ፈለገች። አፏ አልታዘዛትም። እናቷ ያኔ አልጠራችውም። ቆማ ጠበቀች። ሰውየው የገመዱን ጫፍ በጥርሱ ነከሰ፣ አንገቱን ወደ ኋላ ሳብ አደረገ። ያኔ ዞረ።

'ነቃች እንዴ?' አለ፣ ወደ ጀርባዋ እያየ።

'አልነቃችም።'

ከኮቱ ኪስ እጥፍጥፍ ያለ አንድ ብር አወጣ። 'ስትነቃ ዳቦ ግዢላት። ነገ ዓውዳመት ነው፤ ዛሬ ከቀናኝ ዶሮውን ይዤ እገባለሁ።'

ብሩን ተቀበለችው። ፏፏቴው ወደ ላይ ነበር። ያን ሁሉ ጊዜ ግን የምታየው ብሩን አይደለም። ግራ ቅንድቡ መሐል ላይ ትንሽ ክፍተት ነበረችው። የእሷም ቅንድብ እንዲያ ነው። ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ ስትወድቅ የተረፈ ጠባሳ ይመስላት ነበር።"

የአስጋሪ ልጅ፣ ቋጠሮውን ካንተ ነው የወሰድኩት። ካልፈቀድክ አወጣዋለሁ።


ሰዓት ጠጋኙ
ቅዳሜ፣ ከጠዋቱ 4፡10

ቅንድቡ ላይ ስደርስ መነጽሬን አወለቅኩ። እናትየዋ እጇን መጨመሯ ልክ ነው። ሁለቱም ካልዞሩ አይዞርም።


ኢብኑ ጣና
ቅዳሜ፣ ከቀኑ 7፡05

ያ አንድ ብር ኋላ የት ይገባል? እናትየዋ ጠዋቱን ካጣች በኋላ ከሣጥኗ ሥር ብታገኘውና ከማን እንደተቀበለችው ባታውቅስ? ልጅቷ ደግሞ አሁን ታውቃለች። እሷ ትንገራት።


ደንገል
ቅዳሜ፣ ከቀኑ 7፡20

ኢብኑ ጣና፣ መጨረሻውን ሰጠኸኝ። ዛሬ ማታ እጽፈዋለሁ።


የአስጋሪ ልጅ
ቅዳሜ፣ ከምሽቱ 3፡45

ቋጠሮው ያንቺ ነው። አታውጪው።

አንድ ነገር ብቻ አስተካክዪ። "ታንኳው ዳር ላይ ተጋድሟል" ብለሻል። ማታ የገባ ታንኳ አይጋደምም። ቀጥ ተደርጎ ዛፍ ላይ ተደግፎ ያድራል፤ ውሃው ወደ ታች እንዲወርድ። በሌሊት ከእንቅልፌ ስነቃ ሲንጠባጠብ እሰማው ነበር። ንጋት ላይ ድምፁ ሲቆም አባቴ ይነሳል። ልጅቷ ስትደርስ ታንኳው ገና ቆሞ ይሁን። መጀመሪያ ጠብታውን ትስማ፤ ከዚያ ዝም ይበል።